ማደሪያና ርስት፤ በደብረ ታቦር አገር ስለ ትምህርት ቤት ሠራተኞች የቋሚነት ጥያቄ

በመንግሥት መሥሪያ ቤት ጥቂት ወራት የሰነበተ ሰው ሁሉ «ቋሚ» እና «ጊዜያዊ» የሚባሉትን ሁለት ቃላት በደንብ ያውቃቸዋል። ሁለት ሰዎች በአንድ ክፍል ተቀምጠው አንድ ዓይነት ሥራ ሲሠሩ ውለው ማታ በአንድ በር ይወጣሉ፤ ነገር ግን አንደኛው ቢታመም ደመወዙ ይጠብቀዋል፥ ቢያረጅ ጡረታ ይቀበለዋል፤ ሁለተኛው ግን የውሉ ቀን ባለቀ ጊዜ ወንበሩን ለቆ ይሄዳል። እኛም ራሳችን የመንግሥትን ሥራ የጀመርነው በጊዜያዊነት ስለ ነበረ፥ የውል መታደሻ ቀን ሲቃረብ የሚሰማውን የልብ መሸበር ከሌላ ሰው መጠየቅ አያስፈልገንም። ስለዚህም ይህን ጥያቄ፥ ይልቁንም በትምህርት ቤት ሠራተኞች ዘንድ ያለውን፥ ከታሪክ ጋራ አያይዘን ለአንባቢዎቻችን ልናቀርብ ወደድን። አገሩንም ደብረ ታቦርንና በዙሪያዋ ያለውን ደጋ አደረግነው፤ ይኸውም የማስተማር ሥራና የእንጀራ ዋስትና ከብዙ ዘመን ጀምሮ ሲከራከሩ የኖሩበት አገር በመሆኑ ነው።

ደብረ ታቦር ከባሕር ወለል በላይ 2700 ሜትር ያህል ከፍታ ባለው ደጋ ላይ የተቈረቈረች ከተማ ናት። በምሥራቋ ከ4000 ሜትር በላይ የሚወጣው የጉና ተራራ ቆሞ ብርዱን ይልክባታል። ከጉና ወዲያ የጋይንት አገር አለ። የቤተ ክርስቲያን ትምህርት በየቦታው ቢሰጥም ማስመስከሪያው ቦታ የታወቀ ነው፤ ድጓ የሚማር ሰው ቤተልሔም ሄዶ ካላስመሰከረ፥ ዝማሬና መዋሥዕት የሚማርም ከዙር አምባ ካልደረሰ ሊቅነቱ አይጸናለትም ነበር። እነዚህ ሁለቱ ታላላቅ ጉባኤዎች የሚገኙት በዚሁ ደጋ ውስጥ ነው። እንግዲህ መንግሥት የትምህርት ሚኒስቴር ከማቋቋሙ ከብዙ መቶ ዓመታት በፊት በዚህ አገር መምህር ነበረ፥ ተማሪ ነበረ፥ የመምህሩም ኑሮ በምን ይጸናል የሚለው ጥያቄ ነበረ ማለት ነው።

የዚያ ዘመን መልስ መሬት ነበር። በጎንደር ነገሥታት ዘመን በጎንደርና በበጌምድር ላሉት ታላላቅ አድባራት የሚሰጠው መሬት ለካህናቱና ለደብተሮቹ እየተከፈለ ይታደል ነበር። ይህም «ሪም» ይባላል። ባለ ሪሙ በመሬቱ ፈንታ ይቀድሳል፥ ይዘምራል፥ ያስተምራል። አገልግሎቱ ካልተጓደለ መሬቱን ለልጁ ማውረስ፥ ቢሻውም መሸጥ ይችላል። የሽያጩም ውል በቤተ ክርስቲያኑ ወንጌል ኅዳግና በባዶው ገጽ ላይ ይጻፋል፤ ሻጩ፥ ገዢው፥ በወቄት ወርቅ የተቈረጠው ዋጋ፥ ምስክሮቹ ሁሉ በስማቸው ይዘረዘራሉ። እኛ መዝገብ ቤት ያገለገልን ሰዎች ይህን ስንሰማ ደስ ይለናል፤ ያለ ብረት ሣጥንና ያለ ማኅተም የተጠበቀ መዝገብ ከኛ አንዳንድ ፋይሎች ይልቅ ረዥም ዕድሜ አግኝቷልና።

ነገር ግን ከዚሁ ሥርዓት ውስጥ አንድ እንግዳ ነገር ተወለደ። ሪም የሚሸጥና የሚወረስ ከሆነ ዘንድ ዜማ የማያውቅ ባላባትም፥ ሴት ወይዘሮም ባለ ሪም መሆን ቻሉ። እነርሱ ቆመው መዘመር ስለማይችሉ አገልግሎቱን የሚፈጽምላቸው ካህን በወኪልነት ያቆማሉ፤ ከመሬቱ ፍሬም ጥቂት ያካፍሉታል። ሌሊት ተነሥቶ ማሕሌት የሚቆመው፥ ጾም የሚውለው ወኪሉ ነው። በወንጌሉ ኅዳግ ላይ የተጻፈው ስም ግን የባለ ሪሙ ነው። ወኪሉ ያን ሥራ 20 ዓመት ቢሠራው እንኳ ባለ ሪሙ በአንድ ቃል ሊያሰናብተው ይችላል። በዛሬው የመሥሪያ ቤት ቋንቋ ብንናገረው፥ ቋሚ ሥራ በጊዜያዊ ሰው ይሠራ ነበር።

የአገራችን የመሬት ሕግ ለዚህ ጉዳይ ሁለት ግልጽ ቃላት ነበሩት፤ እነርሱም «ማደሪያ» እና «ርስት» ናቸው። ማደሪያ ማለት አንድ ሰው በሹመት ወይም በአገልግሎት ላይ ሳለ የሚበላው፥ አገልግሎቱ ሲቀር ወይም ጌታው ሲከፋበት የሚለቀው መሬት ነው። ርስት ግን ከአቅኚ አባት በትውልድ የሚቈጠር ስለሆነ ባለቤቱ ቢሄድ፥ ቢሰደድ፥ ቢሾም፥ ቢሻር አይነቀልም። ስለዚህ በአደባባይ ቆመው «ጌታዬ፥ ማደሪያዬ ርስት ይሁንልኝ» እያሉ የሚለምኑት የድሮ አገልጋዮችና ዛሬ «ቋሚ ልሁን» ብለው ማመልከቻ የሚያስገቡት ሠራተኞች የሚጠይቁት ነገር አንድ ነው። ሁለቱም፦ አገልግሎቴ በሰው ፈቃድ ላይ የተንጠለጠለ አይሁን፥ በሕግ ላይ ይቁም ነው የሚሉት።

ደብረ ታቦር የመሳፍንት መቀመጫ የሆነችው በየጁው ራስ ጉግሣ ዘመን ነው። ከእርሳቸውም በኋላ ልጆቻቸውና የልጅ ልጃቸው ራስ ዓሊ ተቀምጠውባታል። የመምህራኑን ይዞታ ከሥሩ ያናጉት ግን በ1847 ዓ.ም. የነገሡት ዐፄ ቴዎድሮስ ናቸው። ንጉሡ ወታደሩ ገበሬውን እየዘረፈ ከሚበላ ደመወዝ እየተቀበለ እንዲኖር አሰቡ፤ ለዚህም የሚሆነውን ሀብት ያገኙት በቤተ ክርስቲያን መሬት ላይ ነበር። አሳባቸውን መጀመሪያ ለካህናቱ ጉባኤ ባቀረቡ ጊዜ ብርቱ ተቃውሞ ስለ ገጠማቸው ለጊዜው ተዉት። በ1852 ዓ.ም. ግን ቈረጡ። ለአንድ ደብር ሁለት ቄስና ሦስት ዲያቆን ይበቃዋል፥ ለእነርሱ ከሚያስፈልገው የተረፈው መሬት ለገበሬ ተሰጥቶ ግብር ይክፈል ተባለ።

በዚህ ትእዛዝ ስለ ካህናቱና ስለ ንጉሡ ጠብ ብዙ ተጽፏል፤ ስለ መምህራኑ ግን ጥቂት ነው። እስቲ ቍጥሩን እናስተውለው። ሁለት ቄስና ሦስት ዲያቆን ለቅዳሴ የሚበቁ ናቸው። ቅኔ የሚያስተምረው፥ ድጓ የሚቀጽለው፥ መጽሐፍ የሚተረጕመው መምህር ግን በዚህ ቍጥር ውስጥ ቦታ የለውም። ንጉሡ መምህራንን ለማጥፋት ፈልገው ነው አንልም፤ እርሳቸው ራሳቸው በልጅነታቸው በደብር የተማሩ ሰው ናቸውና። ይሁን እንጂ በጀት ሲቀነስ መጀመሪያ የሚቀነሰው በመደብ ያልተጻፈው ሰው መሆኑን ከዚያ ዘመን ጀምሮ እናያለን።

በዚያው ዘመን ከደብረ ታቦር ጥቂት ራቅ ብሎ በሚገኘው በጋፋት ሌላ ዓይነት ሠራተኞች ነበሩ። ከ1848 ዓ.ም. ጀምሮ ከስዊዘርላንድ ከቅዱስ ክሪስቾና የመጡ የእጅ ጥበብ ያላቸው ሚሲዮናውያን ወንጌልን ለመስበክና ልጆችን ለማስተማር ቢያስቡም፥ ንጉሡ መጀመሪያ መንገድ አሠሯቸው፥ ኋላም መድፍ እንዲያቀልጡ አዘዟቸው። ቫልድማየርና ጓደኞቹ በጋፋት የአገሩን ልጆች የሚያስተምሩበት ትምህርት ቤት ነበራቸው፤ ከምድጃውም አጠገብ የአገሩ ሰዎች ብረት ማቅለጥን ይማሩ ነበር። ሥራው ሲያምር ንጉሡ ብር፥ በቅሎና ልብስ ይሸልሟቸዋል። ነገር ግን በ1859 ዓ.ም. 70 ኩንታል ይመዝናል የሚባለው ሴባስቶፖል ከተቀለጠ በኋላ፥ በ1860 ዓ.ም. መባቻ ንጉሡ ደብረ ታቦርን አቃጥለው ወደ መቅደላ ሲነሡ፥ እነዚያ ባለሙያዎች መድፉን ከሚጐትተው ሕዝብ ጋራ መሄድ እንጂ መቅረት አልቻሉም። ሽልማት ብዙ፥ መብት ግን ምንም ያልነበረበት አገልግሎት ነው። የነጮቹን ስም እነሆ እስከ ዛሬ እንጠራለን። ወናፍ ይነፉ የነበሩትን የጋፋት ልጆች ግን በስም የሚጠራቸው የለም፤ ይህ ሁልጊዜ የሚያሳዝነን ነገር ነው።

ወደ ዘመናዊው ትምህርት ቤት እንለፍ። ከጠላት ወረራ በኋላ መንግሥት በየጠቅላይ ግዛቱ ትምህርት ቤት ሊከፍት ሲነሣ ገንዘቡን ያገኘው በ1940 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 94 ለትምህርት በተጣለው የመሬት ግብር ነበር። ግብሩ በየጠቅላይ ግዛቱ ገቢ ሆኖ የአካባቢው የትምህርት ቦርድ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት ቤቶችን እንዲያቋቁምበት ተደረገ። በበጌምድርና ስሜን ጠቅላይ ግዛትም የደብረ ታቦር፥ የጋይንትና የሊቦ አውራጃዎች በዚህ ሥርዓት ሥር ነበሩ። ከዚህ የተነሣ ሠራተኛው በሁለት ዓይነት ገንዘብ ይተዳደር ጀመር፤ ከማዕከላዊው ግምጃ ቤት የሚከፈለው አለ፥ ከአካባቢው ገቢ የሚከፈለውም አለ። ፊደል የሚያስቈጥሩት ቄስ፥ በር የሚጠብቀው ዘበኛ፥ ውሃ የምትቀዳው ሴት በየትኛው ዝርዝር እንደሚገቡ ግልጽ ያልሆነበት ጊዜ ብዙ ነው።

ሕጉ ነገሩን ለመለየት የተነሣው በ1950ዎቹ ነው። በትእዛዝ ቁጥር 23 የመንግሥት ሠራተኞችን አስተዳደር በአንድ ወጥ ሥርዓት የሚመራ መሥሪያ ቤት ተቋቋመ፤ በ1955 ዓ.ም. ደግሞ የመንግሥት ሠራተኞች ደንብ ቁጥር 1 ወጣ። ከዚያ በፊት አንድ ሰው ወደ መንግሥት ሥራ የሚገባው በአብዛኛው በጌታ ፊት ደጅ ጠንቶ ነበር። ደንቡ ግን በችሎታና በውድድር ይግባ አለ። ይህ ታላቅ ነገር ነው፥ ለድኻ ልጅም የተከፈተ በር ነው፤ ይህን ሳንረሳ ነው ቀጥሎ ያለውን የምንናገረው። በዚያው ሰሞን በ1953 ዓ.ም. በድንጋጌ ቁጥር 46፥ ኋላም በ1955 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 209 የጡረታ ሕግ ወጣ። ሠራተኛው ከደመወዙ ከመቶ 4፥ መንግሥት ደግሞ ከመቶ 6 እያዋጡ ለእርጅና የሚሆን ስንቅ ይቀመጥ ተባለ። ጡረታው ግን ለቋሚ ሠራተኛ ነው። እንግዲህ «ቋሚ» የሚለው ቃል ከዚያ ቀን ጀምሮ እንደ ርስት ያለ ክብደት አገኘ፤ ከሞት በኋላ እንኳ ለባልቴትና ለልጅ የሚተርፍ ሆኗልና። ከመስመሩ ውጭ የቀረው ሰው ያጣውም እንደዚያው ከበደ።

በዓለምም ዘንድ በዚያው ዘመን ይኸው አሳብ ይነገር ነበር። መስከረም 25 ቀን 1959 ዓ.ም. በፓሪስ በተደረገ ጉባኤ የዓለም የሥራ ድርጅትና ዩኔስኮ ስለ መምህራን ደረጃ ባወጡት የውሳኔ ሐሳብ ውስጥ፥ የመምህሩ ሥራ መጽናት ለመምህሩ ብቻ ሳይሆን ለትምህርቱም እንደሚያስፈልግ ተጽፏል። የዓለም የመምህራን ቀን የሚከበረውም በዚሁ ዕለት መታሰቢያ ነው።

የካቲት 11 ቀን 1966 ዓ.ም. የኢትዮጵያ መምህራን ሥራ ሲያቆሙ የደመወዝና «ሴክተር ሪቪው» የተባለው የትምህርት ጥናት ጉዳይ እንደ ነበረ ሁሉም ያውቀዋል፤ ስለዚህ አናስረዝመውም። ከዚያ ይልቅ ለደብረ ታቦር አገር ትልቅ የነበረው የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ ነው። ለገበሬው የተደረገለትን እዚህ አንዘረዝርም። በመምህራኑ በኩል ስናየው ግን ከጎንደር ዘመን ጀምሮ የመጣው የሪም ነገር በዚያ ቀን አበቃ። የቤተልሔምና የዙር አምባ መምህራን ባለ መሬት መሆናቸው ቀርቶ በምእመናን እጅ ላይ ወደቁ፤ ተማሪዎቻቸውም እንደ ወትሮው አኵፋዳቸውን ይዘው ቍራሽ ለመኑ።

በደርግ ዘመን ትምህርት ቤት በፍጥነት በዛ፥ የሠለጠነ መምህር ግን አልበቃም። በዚህ ጊዜ 12ኛ ክፍል የጨረሱ ወጣቶች መደበኛውን ሥልጠና ሳያገኙ፥ ከመደበኛው መምህር ባነሰ ክፍያ ወደ ክፍል ገቡ። «ድጎማ» ይባሉ ነበር። ስሙ ራሱ ብዙ ይናገራል፤ ለሰው ሳይሆን ለጣሪያ ምሰሶ የሚሰጥ ስም ይመስላል። ሐምሌ 1 ቀን 1971 ዓ.ም. በተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻም ብዙ ሰው ያለ ደመወዝ አስተማረ። ዘመቻ ስለሆነ ማንም ቋሚነት አልጠየቀበትም፥ የሚያስነቅፍም አይደለም።

ከ1990ዎቹ ወዲህ ያለው ግን ዘመቻ አይደለም። ልጆች ከመደበኛ ትምህርት ቤት በራቁበት ገደላማ አገር ሁሉ የአማራጭ መሠረታዊ ትምህርት ጣቢያ ተከፈተ፤ ከዚያው ቀበሌ የተመረጡ ወጣቶችም «አመቻች» ተብለው ማስተማር ጀመሩ። ከዚያ በኋላ የጎልማሶች ትምህርት አመቻች፥ የቅድመ መደበኛ ክፍል አስተማሪ መጡ። በ1994 ዓ.ም. በጀት ወደ ወረዳ ሲወርድ ሠራተኛ የመቅጠሩም ሥራ ለወረዳው ቀረበ። ይህ ሕዝብንና አስተዳደርን ያቀራረበ መልካም አሠራር ነው። ይሁን እንጂ የወረዳው ጥቅል በጀት የመደበኛውን መምህር ደመወዝ ከከፈለ በኋላ የሚተርፈው ትንሽ ስለሆነ፥ አዲስ መደብ ከመክፈት ይልቅ ሰውን በውል አቆይቶ ውሉን ማደስ ይቀላል። ዘበኛውና የጽዳት ሠራተኛዋ ደግሞ ብዙ ጊዜ ከትምህርት ቤቱ የውስጥ ገቢና ከወላጆች መዋጮ ይከፈላቸዋል።

ሕጉ ምን ይላል? በ1994 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 262፥ በ1999 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 515 የወጡት የፌዴራል የመንግሥት ሠራተኞች ሕጎች፥ ክፍት መደብ በማስታወቂያ ወጥቶ በውድድር ብልጫ ያገኘ ይቀጠር፥ 6 ወር ይሞከር፥ ከዚያ ቋሚነቱ ይጻፍለት ይሉ ነበር። ጊዜያዊ ሠራተኛ የሚቀጠረው የዘላቂነት ባሕርይ ለሌለው ሥራ ነበር፤ ነገር ግን ሁኔታው ሲያስገድድ በቋሚ መደብ ላይም ሊቀጠር ይችል ነበር። ክልሎችም የየራሳቸውን ሕግ በዚሁ መንፈስ አውጥተዋል። «ሁኔታው ሲያስገድድ» የምትለዋ ሐረግ ትንሽ ናት፤ ብዙ ሰው ግን በእርሷ ውስጥ ዕድሜውን ይፈጃል። በሌላ በኩል በ1985 ዓ.ም. የወጣው የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 42 ማንኛውም የሥራ ውል በሕጉ ከተዘረዘሩት ምክንያቶች በቀር ላልተወሰነ ጊዜ እንደ ተደረገ ይቈጠራል ብሎ ነበር፤ እርሱን የተኩት በኋላ የወጡት አዋጆችም ይህንኑ ደግመዋል። ይህ ግን በመንግሥት ሠራተኞች ሕግ የሚተዳደረውን ሰው አይጨምርም። እንግዲህ በወላጆች መዋጮ የተቀጠረው ዘበኛ በየትኛው ሕግ ጥላ ሥር ነው? ሠራተኛ ችሎት ቢሄድ «የመንግሥት ነህ» ይባላል፤ ለአስተዳደር ፍርድ ቤት ቢያመለክት «መደብ የለህም» ይባላል።

የሕንድ ሀገር ከፍተኛው ፍርድ ቤት በካርናታካ መንግሥት ጉዳይ ሚያዝያ 2 ቀን 1998 ዓ.ም. የሰጠው ፍርድ ለዚህ ነገር ብርሃን ይሰጣል። ፍርድ ቤቱ፥ ያለ ውድድር በጓሮ በር የገባ ሰው ብዙ ዘመን ሠራሁ በማለት ብቻ ቋሚ መሆን አይችልም፥ እንዲህ ከሆነ በፊት ለፊት በር ሊገባ ተሰልፎ የቆመው ይበደላልና አለ። ነገር ግን «ሕገ ወጥ» ቅጥርንና «ሥርዓት የጎደለው» ቅጥርን ለየ። በተፈቀደ መደብ ላይ፥ ለሥራው የሚያስፈልገው ችሎታ ኖሮት፥ በፍርድ ቤት እግድ ሳይደገፍ 10 ዓመትና ከዚያ በላይ ላገለገለው ግን መንግሥት ለአንድ ጊዜ ብቻ መንገድ ይፈልግለት ብሎ አዘዘ። እኛ ይህን ልዩነት እንወደዋለን። በዘመድ የገባና መሥሪያ ቤቱ ራሱ ማስታወቂያ ማውጣት ቸል ብሎ ያስገባው ሰው አንድ አይደሉም፤ ጥፋቱ የቀጣሪው ሆኖ ሳለ ቅጣቱ በተቀጣሪው ላይ ሲወድቅ ዳኝነት አይባልም። ይሁን እንጂ በሁለተኛው ነጥብ ላይ ቅር ይለናል። መደቡ ሳይፈቀድለት 10 ዓመት የተሠራ ሥራ፥ መደብ የሚገባው ሥራ ለመሆኑ ከዚህ የበለጠ ምን ማስረጃ ይቀርባል?

ከጥቂት ዓመታት በፊት በአንድ መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ስናገለግል የአንድ ትምህርት ቤት ዘበኛ የነበሩ ሽማግሌ ማመልከቻ ይዘው መጡ። ሌሊት ይጠብቃሉ፥ ጧት ደወል ይደውላሉ፤ ይህንም 11 ዓመት ሠርተውታል። ከማመልከቻው ጋራ የርእሰ መምህሩ የድጋፍ ደብዳቤና የቀበሌው ምስክርነት ተያይዟል። «አያ፥ ይቀመጡ» ብለን ወንበር ሰጠናቸው። ሽማግሌው ግን አልተቀመጡም። «ልጄ፥ እስቲ መዝገቡን ተመልከትልኝ፤ ስሜ ተጽፎ እንደ ሆነ ንገረኝ» አሉን።

ተመለከትን። በቋሚዎቹ ዝርዝር የለም። በጊዜያዊዎቹም የለም። ብዙ ከገለጥን በኋላ በወጪ ሰነዱ ውስጥ አገኘናቸው፤ ክፍያቸው ከጠመኔና ከመጥረጊያ ዋጋ ጋራ «ልዩ ልዩ ወጪ» በሚለው ርእስ ሥር ከዓመት ዓመት ተጽፏል። የማን ክፍያ እንደ ሆነ በቅንፍ ውስጥ «ለዘበኛ» ይላል እንጂ ስም የለውም። ይህን ስንነግራቸው ጥቂት ዝም አሉ፤ ቀጥለውም ያ ገጽ ተገልብጦ ይሰጠኝ አሉ፤ 11ዱንም ዓመት ቈጥረው አስገለበጡ። ማመልከቻው «መደቡ ሲፈቀድ የሚታይ» የሚል ምልክት ተደርጎበት ተመለሰ። እርሳቸው ግን ግልባጮቹን በነጠላቸው ጠቅልለው ወደ በላይ መሥሪያ ቤት ይግባኝ ሊሉ ሄዱ፤ እኛም ከዚያ ወዲያ ወደ ሌላ ክፍል ተዛወርን።